ኡስታዛ ጾሬ የከረሙበት ዓመት

የሕግ ዲግሪዬን ይዤ አሶሳ ውስጥ ሥራ ፈትቼ በተቀመጥኩበት ዓመት፣ በጾሬ የስደተኞች መጠለያ የሕግ ምክር የሚሰጥ አንድ ድርጅት አስተርጓሚ ፈለገ። ቤታችን የሚነገረው በርታ ነው፤ ዐረብኛውን ከሱዳን ነጋዴዎች ጋር ከሚሠራው አባቴ፣ አማርኛውን ከትምህርት ቤት አግኝቼዋለሁ። ተቀጠርኩ። የመጀመሪያ ሥራዬ ከአውሮፕላን ማረፊያ እንግዳ መቀበል ነበር። «ፈረንሳዊት ናቸው፤ ጠበቃ ነበሩ፤ የአገራቸው ፓርላማ አባልም ነበሩ» ተባልኩ። የእህቴን ሙሉ ልብስ ተውሼ ሄድኩ።

አጃቢ የከበባቸው ሴትዮ ስጠብቅ፣ ጸጉራቸው የሸበተ፣ ነጠላ ጫማ ያደረጉ ሴት ሻንጣቸውን ራሳቸው እየጎተቱ መጡና በዐረብኛ ሰላም አሉኝ። ዐረብኛቸው ግን ሌላ ነው። ወደብ ባላት ከተማቸው ከሰሜን አፍሪካ ከመጡ ሠራተኞች የለመዱት ነው፤ እኔ የማውቀው ደግሞ የሱዳኑን። አንዱን ሲሉኝ ሌላ እየሰማሁ፣ በተሰባበረ እንግሊዝኛ እየደገፍነው፣ እየሳቅን ከተማ ገባን። ወር ሳይሞላ የሱዳኑን ዘዬ ለመዱት። ስደተኞቹ ሴት ጠበቃን «ኡስታዛ» ነው የሚሏት፤ እኛም በዚያው ጠራናቸው።

መጠለያው ውስጥ ያለችው ቢሯችን ከቀርከሃ የተሠራች አንዲት ክፍል ነበረች። አንድ ጠዋት በርታ ብቻ የሚናገሩ አንዲት አያትና አንድ ጎልማሳ ገቡ። ወላጆቻቸው የሞቱባቸው ሁለት ልጆች በአጎታቸው፣ በጎልማሳው ስም ተመዝግበዋል፤ አያትየዋ፣ የእናታቸው እናት፣ አቤት ብለዋል። አያትየዋ ረጅም ነገር ተናገሩ። እኔ ወደ ኡስታዛ ዞሬ «ልጆቹን ይፈልጋሉ» አልኩ።

ኡስታዛ ብዕራቸውን አስቀመጡ። «ይህን ሁሉ ጊዜ የተናገሩት ሁለት ቃል ነው?»

«ዋናው እሱ ነው።»

«ዋናውን እኔ እፈልገዋለሁ። አንቺ ሁሉንም ንገሪኝ።»

አያትየዋን ይቅርታ ጠይቄ እንደገና አስጀመርኳቸው። ለካ ልጆቹን ከአጎታቸው ሊነጥቁ አልመጡም። የእሱ ቤት ከመጠለያው ማዶ ጫፍ ላይ ነው፤ የእሳቸው ጉልበት ደግሞ አልታዘዝ ብሏል። ዝናቡ ከገባ ወዲህ ልጆቹን አላዩም። በመጨረሻ ባዩዋት ቀን ትንሿን እናቷ ትጠራት በነበረው የቁልምጫ ስም ቢጠሯት ዞር አላለችም። ሰው ደግሞ ልጆቹ በእርስዎ ወረቀት ላይ ካልሰፈሩ የማየት መብት የለዎትም ብሏቸዋል።

አጎትየው ሲሰማ ቆይቶ፣ «እኔ የተነገረኝ ሊወስዷቸው ነው ተብሎ ነው» አለ፤ አንገቱን ደፋ።

የምዝገባ ወረቀቱ አልተነካም። ኡስታዛ አያትየዋ ከልጆቹ አጠገብ እንዲሰፍሩ ለመጠለያው አስተዳደር ማመልከቻ ጻፉ። ሳምንታት ፈጀ፤ ተፈቀደ። ዕቃቸውን የተሸከመላቸው አጎትየው ነበር። እኔ አፍሬ ነበር፤ ከዚያ ቀን በኋላ ሰው ሲያስለው እንኳ ልተረጉም ምንም አልቀረኝም።

ወደ አሶሳ ስንመለስ መንገድ ላይ ስለራሳቸው ያጫውቱኛል። አባታቸው ወደብ ላይ ዕቃ አውራጅ ነበሩ። ከቤተሰቡ ዩኒቨርሲቲ በመግባት የመጀመሪያዋ እሳቸው ናቸው። ከአንድ ጫማ ጠጋኝ ሱቅ በላይ የጥብቅና ቢሮ ከፈቱ፤ ደንበኞቻቸው የወደብ ሠራተኞችና ከኪራይ ቤት ሊባረሩ የተቃረቡ ሰዎች ነበሩ። ስማቸው በችሎት ሲታወቅ አንድ ፓርቲ ለምርጫ አቀረባቸው፤ ሁለት ጊዜ ተመረጡ። የመጀመሪያ ንግግራቸውን አባታቸው ከታዳሚዎች መካከል፣ ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው እንዴት እንደሰሙ ሲነግሩኝ ፊታቸው ይበራ ነበር።

አንድ ቀን መኪናችን ጭቃ ያዘው። ሾፌሩ እስኪያወጣው ማንጎ ዛፍ ሥር ቆመን ሳለ ሦስተኛውን ምርጫ እንዴት እንደተሸነፉ ጠየቅኳቸው።

«ፍርድ ቤት ቆሜ ስከራከርለት የኖርኩትን ነገር ፓርላማ ገብቼ አፈረስኩት» አሉኝ። ተከራይን በቀላሉ ለማስወጣት የሚያስችል ሕግ ቀርቦ ነበር። ፓርቲው ደግፉ አለ፤ እሳቸውም ደገፉ። «በሳምንቱ አንድ ሽማግሌ ደንበኛዬ መጡ። ይቆጡኛል ብዬ ነበር፤ አልተቆጡም። የጉዳያቸውን ፋይል እንድመልስላቸው ብቻ ጠየቁኝ።»

«እርስዎስ ምን አሉ ታዲያ?»

«ምን እላለሁ? አውጥቼ ሰጠኋቸው። በምርጫው ዕለት ተቀናቃኜ አይደለም ያሸነፈኝ፤ የሰፈሬ ሰው ሊመርጥ ከቤቱ አልወጣም።» ከዚያ ዞር ብለው ሾፌሩን ማየት ጀመሩ።

በዚያው ሰሞን እኔንም አጎቴ ለምክር ቤት ካልተወዳደርሽ ብሎ ወጥሮ ይዞኝ ነበር። «ሕግ ተምረሻል፤ ሦስት ቋንቋ ታውቂያለሽ። ከአንቺ የተሻለ ማን አለ?» ይለኛል። ጉዳዩን ለኡስታዛ አወራኋቸው። ተይው ይሉኛል ብዬ ነበር።

«እኔ ብዙ መልካም ነገርም ሠርቼበታለሁ፤ ስለዚህ ተይው አልልሽም» አሉኝ። «ግን አጎትሽ የሚፈልገውን ነገርሽኝ እንጂ አንቺ የምትፈልጊውን አልነገርሽኝም።»

ሦስት ቀን ሳስብ ሰነበትኩና ለአጎቴ ጥብቅና እንደምመርጥ ነገርኩት። እስከ ዒድ ድረስ አኮረፈኝ። በዒድ መጥቶ ከእኛ ጋር በላ፤ ዛሬ ደግሞ ክስ ያለበትን ሰው ሁሉ ወደ እኔ የሚልከው እሱ ነው።

ኡስታዛ ዓመቱ ሲያልቅ ሄዱ። አያትየዋ ልጆቹን አስከትለው ሊሰናበቷቸው መጡ፤ እጅ ለእጅ ተያይዘው ያለ አስተርጓሚ ብዙ ቆዩ። እኔም አልገባሁባቸውም። ከሄዱ በኋላ በስልክ የድምፅ መልእክት ይልኩልኝ ነበር፤ ዝናቡ ገባ ወይ፣ ገበያው እንዴት ነው፣ የያዝሽው ጉዳይ ምን ደረሰ ይሉኛል። ቆየት ሲል መልእክቱ እየሳሳ፣ ድምፃቸውም እየደከመ መጣ።

ማረፋቸውን የጻፈችልኝ ልጃቸው ናት። መልእክቱን ያነበብኩት ፍርድ ቤት ደጅ ተራ ስጠብቅ ነበር። ደንበኛዬ፣ መሬት የተወሰደባቸው እናት፣ ፊቴን አይተው «ደህና አይደለሽም እንዴ ልጄ?» አሉኝ። ደህና ነኝ አልኳቸው። ተጠራን፤ ገባን፤ ተከራክሬ ወጣሁ። ከዚያ ባጃጅ ይዤ ቤቴ ገባሁና አለቀስኩ።