አክተር የሌለው ፊልም

ጆበርግ፣ ፎርድስበርግ ሰፈር ያለችው ሱቄ በበረኪና በተወለወለች ቁጥር ራሴን ሆሳዕና ከተማ፣ የአባቴ ጓሮ ውስጥ አገኘዋለሁ። ታላቅ እህቴ አስቴር ከሲኒማ ቤት የተጣለ ቁርጥራጭ ፊልም ለቅማ በረኪና ውስጥ ትዘፈዝፈው ነበር። ፈረሰኛው፣ ሽጉጡ፣ ቆንጆዋ፣ ሁሉም ታጥበው ይሄዱና ባዶ ላስቲክ ይቀራል። እሱ ላይ በክብሪት እንጨት ቀለም ትቀባለች፤ የቁስል መድኃኒቱን ቀይ፣ አፍ ሲቆስል የሚቀባውን የጂቪ ወይን ጠጅ፣ የእርዱን ቢጫ። ክብ፣ መስመር፣ ነጠብጣብ። ሌላ ነገር የለም። ክረምቱን ሙሉ ለፋችበት።

ሲኒማችን ካርቶን ነው፤ ሌንሱ ውሃ የተሞላ አምፖል፣ መብራቱ በመስታወት የተጠለፈ ፀሐይ። እኔ በር ላይ ቆሜ መግቢያ ቆርኪ እቀበላለሁ፤ ነጋዴነት ከዚያ ይጀምራል። አስቴር ፊልሙን ስትስበው ግድግዳው ላይ የሰቀልነው አንሶላ ላይ ቀይ ክብ እየተንከባለለ መጣ፣ ቢጫው ተከተለው፣ ወይን ጠጁ መስመር በመሃላቸው እንደ እባብ ሾለከ። አፌን ከፍቼ ቀረሁ።

«አክተሩስ የታለ?» አለ የጎረቤታችን ልጅ ታምራት።

«አክተር የለውም፤ ቀለሙ ነው የሚጫወተው» አለች አስቴር።

«እንግዲያው ቆርኪያችንን መልሱ!»

ደንበኛ ንጉሥ ነው ይላሉ። ይህን ያለ ሰው እነ ታምራትን አያውቅም። እኔ ግን ሰገድኩላቸው። በማግስቱ አስቴር ውሃ ልትቀዳ ስትወጣ፣ እስክሪብቶ አንስቼ በየክቡ ላይ ባርኔጣ ያደረገ ባለሽጉጥ ሳልኩበት። ልጆቹ አጨበጨቡ። አስቴር ተመልሳ ስታየው አላለቀሰችም፤ ካርቶኑን ቀድዳ ምድጃ ውስጥ ከተተችው። ከዚያ ወዲያ ቀለም አልነካችም።

ባለፈው ሳምንት ልጄ ሱቁን አዘግታ እዚሁ ጆበርግ አንድ አዳራሽ ወሰደችኝ። መቶ ዓመት ገደማ የሆነው ፊልም ነው አለች። ክብ ወጣ፤ መስመር ተከተለው። አክተር የለ፣ ታሪክ የለ! ከፍሎ የገባው ሕዝብ ግን ጸሎት ላይ እንዳለ ሰው ጸጥ አለ፤ ሲያልቅም ተነስቶ አጨበጨበ።

ደሜ ፈላ።

«አባ፣ አልወደድከውም እንዴ?» አለችኝ።

ዛሬ ይህን ያህል ሲጨበጨብለት፣ ያኔ ሆሳዕና ላይ አንድ እጅ ጠፋ? ታምራትስ አልገባውም እንበል። እኔ ገብቶኝ፣ ወድጄው፣ ለቆርኪ ብዬ አይደል ያበላሸሁት!

በስልኬ የቀረጽኳትን ቁራጭ ለአስቴር ላክሁላት። ዛሬ የልጅ ልጆች አሏት። በድምፅ መለሰችልኝ፦

«ያምራል። አንተ ብቻ እንዳትነካው።»