የጭቃው ሰዓት

ዛሬ ልጄ ግቢው መሃል ፀሐይ ላይ ያስቀመጠችውን የሶላር መብራት፣ ሐሩሩ እንዳያቃጥለው አዝኜለት ጥላ ሥር አስገባሁት። ሲመሽ አልበራም። ልጄ የጠፋውን መብራት አንሥታ ፊቴ አስቀመጠችው፤ ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። በኤሌክትሪክ ነገር ሞኝነቴ ግን ዛሬ አልተጀመረም።

ጢሜ ገና ሲያቀመቅም፣ የመን በምትነድበት ዘመን፣ ድንበሯን ያለ ወረቀት ተሻግሬ አሐድ አል-መሳርሐ በምትባል የዐረብ አገር ከተማ ዳር ባሚያ እርሻ ላይ ተቀጠርኩ። ሰይድ የሚባል እንደኔው የወሎ ልጅ ነበረ። አንድ ዳስ ውስጥ እንተኛለን፣ ከአንድ ሳህን ፉል እንበላለን፤ ግን አንዋደድም። እሱ እጁ አያርፍም፤ ከማሽላ አገዳ ወፍ፣ ከዘንባባ ዓሣ ይሠራል። እኔ ካረፍኩ እተኛለሁ።

ከቆሻሻ ያነሣው የግድግዳ ሰዓት ነበረው። የሰዓቱን ባትሪ ድንጋይ ለእጅ ባትሪዬ ተውሼው ሳልመልስ ቀረሁ። በጠየቀኝ ቁጥር «ነገ» እለዋለሁ። ሲሰለቸው ከተቃጠለ የውሃ ሞተር የመዳብ ሽቦ ፈታ፤ ሦስት የሸክላ ኩባያ ሠርቶ የእርሻውን አፈር ሞላባቸው፤ በየኩባያው ሽቦና የቆርቆሮ ምስማር ሰክቶ ቦዩ ጫፍ ላይ ደረደራቸው። ሰዓቱን ከሽቦው ጋር አያይዞ በአገዳ ወፍ ሆድ ውስጥ አስገባው። ውሃ ስለቅ ሰዓቱ መቁጠር ጀመረ!

«ጂን ነው?» አልኩት።

«መሬት ናት። ስትጠጣ ትቆጥራለች፣ ስትጠማ ትቆማለች።»

«ምን ይጠቅማል ታዲያ?»

«አንተ ስትተኛ ይናገራል።»

እውነቱን ነው፤ ውሃ የማጠጣው እኔ ነበርኩ። ከፊሉ፣ የእርሻው ጌታ፣ ወፏን ወደዳት። በመጣ ቁጥር አስቀድሞ እሷን ያያል። «ያ ሐበሺ፣ ቆማለች! የት ተጋድመህ ነው? ዳግም ከቆመች ትባረራለህ!» መባረር ማለት አስፋልት ላይ መውጣት፣ አስፋልት ማለት ፖሊስ ነው። ያቺን ወፍ እንደ ጠላት ጠላኋት፤ ሠሪዋን ደግሞ ከዚያ በላይ።

አንድ ቀን ረፋድ ላይ በሀሩብ ተራሮች በኩል የጦር አውሮፕላን ሲያጓራ ከፊሉ ፊቱ ገረጣ። ጠጋ አልኩና «ከወፏ ሆድ የሚወጣው ሽቦ ጭቃ ውስጥ ምን እንደሚሠራ ሰይድን ጠይቀኸው ታውቃለህ?» አልኩት። ምንም አልዋሸሁም።

የስለላ ሽቦ መስሎት ወፏን በእግሩ ደፈጠጣት፣ ኩባያዎቹን በአካፋ ሰባበራቸው። «ኸላስ! ያላ፣ ውጣ!» ሰይድ ጫማውን እንኳ አላነሣም። በዚያ ሐሩር ባዶ እግሩን ወደ ደርብ ከተማ በሚወስደው አስፋልት ሲወጣ ዞር ብሎ አየኝ።

«ድንጋዬን ብትመልስልኝ ኖሮ፣ አንተ ሰውዬ፣ ይቺን ወፍ መች እሠራት ነበር?»

ደርብ ይድረስ፣ ይያዝ፣ እስካሁን አላውቅም። እኔም የሚቀሰቅሰኝ ሲጠፋ ተኝቼ ባሚያውን አደረቅሁትና በሳምንቱ ተባረርኩ። ጎበዝ ነኝ እኮ!

ልጄ መብራቱን ነገ ፀሐይ ላይ ልትመልሰው ይዛው ስትገባ፣ «ድንጋይ ልግዛለት?» አልኳት።

«አባባ፣ ይኼ ድንጋይ የለበትም» አለችኝ።

እሱ የለበትም። እኔ ግን አለብኝ፤ አንድ፣ የሰይድ።