ሆዲ የማይል ዓይን

ጅግጅጋ በመምህርነት ስመደብ የተከራየሁት ክፍል ባላቸው የሞተባቸው አንዲት ሶማሌ ባለሱቅ ግቢ ውስጥ ነበር። ሰፈሩ ሁሉ «ኤዶ» ይላቸዋል፣ አክስቴ እንደማለት ነው፤ እኔም ኤዶ አልኳቸው። ግቢው ውስጥ ያለነው ሁለት ሴቶች ብቻ ስለሆንን ፀጉራችንን የምንታጠበው ደጅ፣ ፀሐይ ላይ ነው። ወንድ ሲመጣ ከውጭ «ሆዲ!» ብሎ ይጣራል፤ ኤዶ ተሸፋፍነው «ግባ» እስኪሉ ንቅንቅ አይልም።

ከዚያ ከተማዋ ታውካ በነበረችበት በዚያ ግርግር ጊዜ ሱቃቸው ተዘረፈ። ጅቡቲ የሚሠራው ልጃቸው ደንግጦ ካሜራ አስገጠመ። የግቢውን በር ብቻ ቢያይ ማን ይጠላ ነበር? እሱ ግን ግቢውን በሙሉ ነው የሚያየው። ልጁ ጅቡቲ ሆኖ በስልኩ እያየ፣ «ውሃ ለምን ራስሽ ተሸከምሽ?» እያለ ለእናቱ ይደውላል። እኔንም አልማረኝም። ወንድሜ ከሐረር ሊጠይቀኝ መጥቶ ገና አረፍ ሳይል ስልክ ተደወለ፤ «ከመምህሯ ጋር ያለው ሰውዬ ማነው?» ብግን አልኩ። ሽንት ቤት እንኳ የምሄደው ገበያ እንደምወጣ ሰው ለባብሼ ነው። ቤት እንዳልቀይር ደግሞ፣ ያንን ግርግር አይቼ ብቻዬን ማደር እፈራለሁ።

አንድ አርብ ጠዋት ኤዶም መረራቸው። ጉልበታቸውን እያመማቸውም በርጩማ ላይ ወጥተው ጋርባሳራቸውን፣ ራሳቸውንና ትከሻቸውን የሚሸፍኑበትን ሰፊ ጨርቅ፣ ካሜራው ላይ ጣሉት።

«እስኪ ደግሞ እሱ ይሸፈን!» አሉ።

እየሳቅን ታጠብን። ፀጉራቸውን ዘይት እየቀባሁላቸው ሳለ ፀሐይዋ አናቴን ሞቅ ስታደርገኝ፣ ምን ያህል እንደናፈቀችኝ ገባኝና ዕንባዬ መጣ።

ልጃቸው ጅቡቲ ሆኖ ያየው ግን ጨለማ ብቻ ነው። ለእናቱ ደወለ፤ ስልኩ ቤት ውስጥ ስለነበር አልሰማንም። ሌባ ገባ ብሎ ለአጎቶቹ ደወለ። እነሱም የሰፈሩን ወጣቶች አስከትለው፣ ዱላ ይዘው፣ በሩን በርግደው ገቡ። ሆዲ ያለ አልነበረም።

እኔ ወደ ክፍሌ ሮጥኩ። ኤዶ ጉልበታቸውን ያማቸዋል፤ መሮጥ አይችሉም። ጋርባሳሩን ፍለጋ እጃቸውን ወደ ትከሻቸው ሰደዱ፤ የለም። ሽበታቸውን በሁለት እጃቸው ሸፍነው ቀሩ። ወንዶቹ አቀርቅረው ወጡ።

ኤዶ እንደምንም በርጩማው ላይ ወጥተው ጋርባሳሩን ከካሜራው አወረዱና ተከናነቡት። ስልኩ እንደገና ሲጮህ አምጥቼ ሰጠኋቸው።

«ሆዮ፣ እናቴ፣ አሁን አየሁሽ! አልሃምዱሊላህ!» አለ ልጃቸው።

ኤዶ ቀና ብለው ካሜራውን አዩት።

«አዎ» አሉ፣ «ሰላም ነን።»