አውድማችን ላይ የቆመው የስልክ እንጨት

የስልክ እንጨቱ የተተከለው ልክ አውድማችን መሀል ነው። ዳር ላይ ቢሆን አባቴ ዝም ይል ነበር። አውድማ እኛ ዘንድ በየዓመቱ በእበት ይለቀለቃል፣ ጫማ ያደረገ ሰው አይረግጠውም፣ በሬዎቹም ነዶውን እየረገጡ የሚዞሩት እዚያው ላይ ነው። የስልክ ሠራተኞቹ ግን ከነቦቲያቸው ገብተው ቆፈሩት።

ድርቁ የከፋበት ዓመት ስለነበር አውድማው ባዶውን ነበር። አባቴ ከገበያ ሲመለስ እንጨቱ ቆሞ፣ ሠራተኞቹ የቤታችን ጥላ ሥር ተቀምጠው አገኛቸው። ፊቱ ጠቆረ። ግን ቀትር ነው፣ ሰዎቹም ከሩቅ የመጡ ናቸው። እናቴን "ያለውን አቅርቢላቸው" አላት። ያለው የገብስ ቂጣና ቀጭን ጠላ ነበር፤ ለእኛም የቀረው እሱ ነው። በልተው ሲጨርሱ ስለ እንጨቱ ጠየቃቸው።

"እኛ ታዘን ነው አባባ፤ መካነ ሰላም ሄደው ይጠይቁ" አሉት።

ሄደ። እኔም ስንቁን ይዤ ተከተልኩት። ቢሮው ውስጥ ከጸሐፊው ጋር የተቀመጠው ሹም ቀና ሳይል ጠየቀው።

"ሲተክሉ አንተ ምን አደረግህ?"

"ምሳ አበላኋቸው፣ ጌታዬ።"

"ካበላሃቸውማ ፈቅደሃል።"

"ያበላሁት ሰዎቹን ነው። እንጨቱን መች አበላሁት?"

ጸሐፊው ሳቀ፣ ሹሙ አልሳቀም። "ደግሞስ ርስቱ ያንተ ብቻ ነው? ተወላጆቹ ሁሉ ተስማምተው በአንድ ወኪል ይቅረቡ" ብሎ ሸኘን።

የአባቴ ዘመዶች ከደጎሎ እስከ አጅባር ተበትነዋል፤ ግማሾቹ በድንበር የተካሰሱ ናቸው። አባቴ ከአንዱ ቤት ወደ አንዱ ሲዞር ከረመ። አንዱ አጎቴማ "መጀመሪያ ድርሻዬን ስጠኝ፣ ስለ እንጨቱ ከዚያ እንነጋገራለን" አለው። እንደምንም አግባብቷቸው ወኪል ሊመርጡ ሲሉ አብዮቱ መጣ፣ መሬት የሕዝብ ነው ተብሎ ታወጀ። ከሰው ጋር ጨፈርኩ። አሁን እንጨቱ ይነቀላል ብዬ ነበር።

አባቴ ወደ መካነ ሰላም ተመልሶ ሄደ። የሹሙ ወንበር ላይ ሌላ ሰው ተቀምጧል።

"የግል መሬት ከሌለ የተነካብህ ምንድን ነው፣ ጓድ?"

"አውድማዬ።"

"አውድማውም የሕዝብ ነው።"

"እንግዲያው ሕዝቡ የት ይውቃ?"

ሰውዬው ቀጣዩን ባለጉዳይ ጠራ። ርስት በነበረ ጊዜ የእሱ ብቻ ስላልሆነ፣ ርስት ሲቀር ደግሞ የእሱ ስላልሆነ፣ አባቴ ሁለቴም ባዶ እጁን ገባ። እኔ ከእሱ ብሼ ተናድጄ ነበር መሰለኝ፤ እራቴን ሳልበላ ተኛሁ። ዘንድሮ ዝናቡ ጥሩ ነው፣ ገብሱ ቢጫ መሆን ጀምሯል፤ አውድማ ያስፈልገናል።

ለመካነ ሰላም ማመልከቻ እኔ እጽፋለሁ አልኩ። "አንቺ?" አለ አባቴ። ጽፌ ሳነብለት ግን እንደገና አስነበበኝ። ደስ አለኝ፤ ሦስተኛውን ሳይጠይቀኝ አነበብኩለት። "'ርስቴ' የሚለውን አውጪና 'የማርስበት' በይ" አለኝ። እናቴ ከምድጃው ዘወር ብላ "ምሳውን እንዳታነሺ ብቻ፣ በእሱ ነው የተያዝነው" አለች።

ገና ቃል ስናወጣና ስናስገባ እነዚያው ሠራተኞች የላላ ሽቦ ሊያጠብቁ መጡ። ቀትር ነበር። እናቴ አባቴን አየችው። አባቴም እኔን "ሂጂ፣ ሼሁን ጥሪያቸው" አለኝ። ሼሁ የመንደሩን ልጆች ቁርኣን የሚያስቀሩት ጎረቤታችን ናቸው። ሲመጡ አባቴ ቂጣውን በገዛ እጁ አቀረበና ማንም ሳይቆርስ ተናገረ።

"ሼሁ ይስሙልኝ። ይኼ ምግብ የእንግዳ ነው። እንጨቱን ግን ያን ጊዜም አልፈቀድኩም፣ ዛሬም አልፈቀድኩም።"

"ሰምቻለሁ። ወላሂ እመሰክራለሁ" አሉ ሼሁ።

አንዱ ሠራተኛ እጁን ዘርግቶ ቀረ። "ታዲያ እንብላ ወይስ እንተው፣ አባባ?"

"ብላ ልጄ፣ ምን አገባህ። ብላ።"

በሉ፣ መረቁን፣ ሽቦውን አጥብቀው ሄዱ። እንጨቱ እዚያው ነው። ሼሁ ሲወጡ "አብሽሩ፣ ገብሱን በእኔ አውድማ ላይ ውቁት" አሉን፤ አባቴ አመስግኖ መሬት መሬት አየ። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ።

"ምሳውን ጻፊው። ሁለቱንም ጊዜ ጻፊው፣ የሼሁንም ምስክርነት" አለኝ።

ጻፍኩት። ነገ መካነ ሰላም የምወስደው እኔ ነኝ።