በረዶ የሚወርድበት ግጥም

ትምህርት ቤት በወረርሽኙ ምክንያት የተዘጋው በዐቢይ ጾም እኩሌታ ላይ ነው። ልጄ ዐሥራ ስድስት ዓመቷ ነበር። ሣጥኗንና ፍራሿን በቦዳ ሞተር አስጭና ከአዳሪ ቤት በሰው አገር ወደምኖርበት ሰፈር፣ ወደ ኪዋቱሌ መጣች። «ሁለት ሳምንት ነው ብለውናል» አለችኝ። ሁለት ሳምንቱ ዓመት ሞላ።

በዚያው ሰሞን በግቢያችን ከፊት ለፊታችን ተከራይታ የምትኖረው አሜሪካዊት ወደ አገሯ ለመሄድ ተነሣች። አውሮፕላን ማረፊያው ሊዘጋ ነው ተብሎ ነበር። እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ መጋረጃዋን የሰፋሁላት እኔ ነበርኩ። የተረፈውን ጨርቅ ልመልስላት ብሄድ፣ ጨርቁን ተይው ብላ ከባድ ካርቶን አስታቀፈችኝ። «ለልጅሽ» አለች። የያዘው መጽሐፍ ነበር። ልጄ አንድ በአንድ እያወጣች ወለሉ ላይ ደረደረችው።

«እማ፣ ሁሉም ሴቶች ናቸው።»

«ምን ሴቶች?»

«የጻፉት። የአሜሪካ ሴቶች። ግጥምና ወግ ነው።»

«የጸሎት መጽሐፍ የለበትም?»

«የለበትም።»

«የልብስ ስፌትስ?»

ሳቀች። ከመጣች ጀምሮ ስትስቅ የመጀመሪያዋ ነበር።

ከፋሲካ በኋላ ሥራዬ ሁሉ ማስክ መስፋት ሆነ። እኔ መስኮቱ ሥር በመኪናዬ ላይ እሰፋለሁ፤ እሷ አጠገቤ ወለሉ ላይ ተቀምጣ ታነብልኛለች። መጀመሪያ በእንግሊዝኛ ትለዋለች፣ ቀጥላ በአማርኛ ትመልሰዋለች። አማርኛዋ በስምንት ዓመቷ ይዛው የመጣችው ነው፤ ቃል ሲጠፋት በእጇ ታሳየኛለች፣ እኔ እሞላላታለሁ።

በግጥሞቹ መጀመሪያ አልተስማማንም።

«ቤት አይመታም እኮ።»

«ቤት የማይመታ ግጥም አለ፣ እማ።»

«እንዲህ ከሆነ እኔም ገጣሚ ነኝ። ሽንኩርት አልቋል፤ ነገ ረቡዕ ነው፤ ቲማቲም ብቻውን ምን ያደርጋል።»

«ይሄ እኮ ጥሩ ነው! ልጻፈው?»

ወጎቹ ደግሞ ሌላ ነገር ሆኑብኝ። አንዷ የእናቷን የወጥ ቤት መሳቢያ ከሞቷ በኋላ ባዶ ስለማድረግ ብቻ ብዙ ገጽ ጽፋለች፤ የተቃጠለ ሻማ ጫፍ፣ ላስቲክ፣ ቁልፉ የጠፋ ጓጉንቸር። ሌላዋ ባሏ ጥሏት እንደሄደ ትናገራለች፤ ምን ለብሶ እንደወጣ ሳይቀር።

«ይህን በመጽሐፍ አሳትማ?» አልኳት ልጄን።

«አዎ።»

«ጎረቤቶቿ ቢያነቡትስ?»

«እንዲያነቡት ነዋ።»

እኔ ባደግሁበት ቤት እንዲህ ያለ ነገር ለነፍስ አባት ይነገራል፣ ከዚያ በኋላ አይነሣም። ስለዚህ ደፋሮች ናቸው ብዬ አዘንኩላቸው። ግን አንዲት ግጥም ነበረች፤ ሴትየዋ ሕፃኗን ለሰው ትታ ሥራ ገብታለች፣ ሥራ ላይ ሳለች ጡቷ አግቶ ሸሚዟን ያርሰዋል፣ ኮቷን ደርባ ትሸፍነዋለች። ያቺን ሁለት ጊዜ አስደገምኳት። ለምን እንደሆነ ልጄ አልጠየቀችኝም፤ እኔም አልነገርኳትም። እኔ ወደዚህ ከተማ ለሥራ ስመጣ እሷ ገና ሁለት ዓመቷ ነበር፤ ከመነሣቴ ከሳምንት በፊት ነው ጡት ያስጣልኳት። አባቷ ቀደም ብሎ ዐርፏል። ያሳደጋት አዲስ አበባ ያለው ታላቅ ወንድሜ ነው። ፊደል ያስቆጠራት፣ ስምንት ዓመት ሲሞላት ሻንጣዋን ይዞ እዚህ ድረስ ያመጣልኝ እሱ ነው። «ጋሼ» ትለዋለች። በየእሑዱ ትደውልለታለች።

በሰኔ እህቴ ደወለች። ወንድማችን ታሞ በሦስተኛው ቀን ማረፉን እያለቀሰች ነገረችኝ። ለኔም በስልክ ማርዳቷ አንገብግቧታል። «ለልጅቷ ግን ብቻሽን እንዳትነግሪያት» አለችኝ። «እሷ አባቷን ነው ያጣችው። ሰው ሰብስቢ፣ በጠዋት ይሁን፣ የሚይዛት ሰው ይኑር።»

እሺ አልኩ። ትክክልም መሰለኝ፤ ከዚያ ሌላ መንገድ አላውቅም ነበር። መታጠቢያ ቤት ገብቼ፣ ቧንቧውን ከፍቼ አለቀስኩ። ፊቴን ታጥቤ ስወጣ ልጄ በሩ ላይ ቆማለች።

«ማን ነበር?»

«አክስትሽ ናት።»

«ጋሼ ደህና ነው?»

«ደህና ነው።»

ሰው ግን ከየት ይሰብሰብ? ወገኖቻችን የሚበዙት ከተማውን ተሻግሮ በካባላጋላ በኩል ነው፤ ያን ጊዜ ቦዳ ሰው አይጭንም፣ ታክሲም እንደ ልብ አይገኝም። ቤተ ክርስቲያናችን ተዘግቷል። በቤት መሰብሰብ ክልክል ነው፤ ባይከለከልም ሰው ሰውን ይፈራ ነበር። ሲከፈት እነግራታለሁ ብዬ አቆየሁት። እሑድ ሲደርስ ልትደውልለት ስልኬን ጠየቀችኝ።

«ጠበል ገብቷል» አልኳት። «እዚያ ስልክ አይያዝም።»

«መቼ ይወጣል?»

«ሱባኤው ሲያልቅ።»

በጠበል ዋሸሁ። ጥቁር እንኳ አልለበስኩም፤ እንዳታውቅብኝ። ለነፍስ አባቴ ልናገር አሰብኩና በስልክ ንስሐ መግባት ከበደኝ።

ጥቂት ቆይቶ ልጄ ማንበቧን አቆመች። «ጉሮሮዬን አመመኝ» አለች። ጉሮሮዋ ሲሻላትም አላነበበችም። ስለ ጋሼ መጠየቋንም ተወች፤ እኔም እፎይ አልኩ። ከዚያ ቀስ በቀስ ሌላውን ነገር ሁሉ መናገር ተወች። ያቀረብኩላትን ማቶኬ፣ የተቀቀለውን ሙዝ፣ በሹካ ትገፋዋለች። ወደ ግድግዳው ዞራ ትተኛለች። የግቢው ባለቤት፣ ሁላችንም ጃጃ የምንላቸው አሮጊት፣ አንድ ቀን ልብስ ሳሰጣ ጠጋ ብለው ጠየቁኝ።

«ኒያቦ፣ እመቤቴ፣ ልጅሽ ምን ሆነች? ከእኔ ጋር እንኳ መሳቅ ትታለች።»

«ትምህርት ቤቱ ናፍቋት ነው፣ ጃጃ።»

እኔም ለራሴ እንደዚያ አልኩ። ሌሊት ግን አላምነውም። መርዶውን ብነግራት በዚህ ሁኔታዋ ትሰበርብኛለች፤ ዝም ብል ደግሞ እያየኋት ከእጄ እየወጣች ነው። አንድ ልጅ ነው ያለኝ። ስድስት ዓመት ሳላያት አድጋለች፤ አሁን በአንድ ቤት ውስጥ እያለን ዳግመኛ እንዳላጣት ፈራሁ።

በፍልሰታ ጾም አንድ ከሰዓት በኋላ፣ እሷ ተኝታ ሳለ፣ የንባቡ ድምፅ ናፈቀኝና ከመጽሐፎቹ አንዱን አነሣሁ። እንግሊዝኛዬ የገበያ እንግሊዝኛ ነው። በጣቴ እየተከተልኩ፣ የትምህርት ቤት መዝገበ ቃላቷን ከጎኔ አድርጌ ነው የማነበው። በመጽሐፎቹ መካከል አንድ ደብተር ነበረ፤ የሷ የእጅ ጽሑፍ። የእጅ ጽሑፍ ለኔ ስለሚቀለኝ እሱን ያዝኩ።

ገልብጣው ነው ብዬ አላመነታሁም። እኔ በልጅነቴ የወደድኩትን መልክዕ ሁሉ ከሰው ተውሼ በእጄ ነው የገለበጥኩት፤ የማርያምም የኪዳነ ምሕረትም ደብተር ነበረኝ። ልጄም የወደደቻቸውን ሴቶች በዚያው መንገድ የያዘቻቸው መሰለኝ። ደስም አለኝ።

አንዷ ግጥም ላይ ሁለት ቀን ቆየሁ። እንደገባኝ እንዲህ ትላለች፦

ከደጅ በረዶ ይወርዳል። እናቴ ውኃውን ከፍታ ታለቅሳለች፤ እኔ ከበሩ ወዲህ ውኃውን እሰማለሁ። እናቴ የሞተውን ሰው በአፏ ይዛ ታኖረዋለች። ደህና ነው ወይ እላታለሁ፤ ደህና ነው ትለኛለች። ከእንግዲህ አልጠይቃትም። አፏን ስትከፍት ወድቆ እንዳይሞትባት።

በረዶ ስላለበት አሜሪካ ነው አልኩ። ከዚያ ሌላ አላሰብኩም። እንደኔ ያለች እናት እዚያም አለች ብዬ ተገረምኩ፤ ሰው አልሰበሰብ ብሏት ይሆናል አልኩ። በማኅደረ ጸሎቴ መጨረሻ ላይ፣ ስማቸውን ስለማላውቅ፣ «በረዶ ባለበት አገር ያሉትን እናትና ልጅ አስባቸው» እያልኩ ጸለይኩላቸው። ደፋሮች ናቸው ያልኩትንም ይቅር በለኝ አልኩ። ይቺ ሴት ባትጽፈው ኖሮ እኔ ለማን እጸልይ ነበር?

ፍልሰታ ሊፈታ ሦስት ቀን ሲቀረው፣ ልጄ ሽሮዋን ሳትጨርስ ልትነሣ ስትል ወሬ ፈልጌ አነሣሁባት።

«ያቺን በደብተርሽ የገለበጥሻትን ሴት አነበብኳት።»

ቆመች። «የቷን?»

«እናቷ ውኃ ከፍታ የምታለቅሰውን። በረዶ ያለበትን።»

«...ምን አሰብሽ?»

«እናትየዋ አሳዘነችኝ። ጨንቋት ነው።»

«ልጅቷስ?»

«ልጅቷ ብልህ ናት። ዐውቃ ዝም ብላለች።»

ልጄ ቀስ ብላ ተመልሳ ተቀመጠች። ሳህኑን እያየች «እማ፣ እሱን አልገለበጥኩትም» አለችኝ።

ወዲያው አልገባኝም ብል ማንም አያምነኝ ይሆናል። «ታዲያ ከየት አመጣሽው?» ነው ያልኳት። ቀና ብላ አየችኝ። ያን ጊዜ ነው የገባኝ።

«መቼ ዐወቅሽ?»

«ከሞተ በሁለተኛው ሳምንት። የአክስቴ ልጅ ፎቶውን ኢንተርኔት ላይ ለጥፋው በስልክሽ አየሁት። ሻማ ነበረበት።»

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«አንቺ ለምን አልነገርሽኝም?»

«ሰው አልተሰበሰበም» አልኳት። 

«እኔ አለሁ፤ አንቺ አለሽ። ስንት ሰው ነው የሚያስፈልገው?»

 አንዴ መናገር ጀምራለች፣ አላቆመችም። «አንቺ ሳትነግሪኝ ማልቀስ አልቻልኩም። ካለቀስኩ ማወቄን ታውቂያለሽ። ጠበል ነው ስትዪኝ... እማ፣ አንቺ እኮ አትዋሺም። እንደዚያ ስትዋሺ እንዴት ቢከብድሽ ነው ብዬ...»

አቀፍኳት። ደርቃ ቆየች፣ ከዚያ ጭንቅላቷን ትከሻዬ ላይ ጣለች፤ አላለቀሰችም ግን።

«በረዶውን ከየት አመጣሽው? አይተሽው አታውቂ።»

«እነሱ ሁሉ በረዶ አላቸው» አለችኝ። «ግጥም እንዲመስል ነው።»

ሁለታችንም ሳቅን፤ በጾም፣ በለቅሶ መካከል። እግዚአብሔር ይመስገን አልኩ በሆዴ። እኔ በዘጋሁት ቤት ውስጥ ልጄ የምትናገርበት ቦታ አግኝታ ነበር፤ ያሳዩዋትም እነዚያ ደፋር ያልኳቸው ሴቶች ናቸው።

«አሁን ንገሪኝ» አለች።

«ታውቂዋለሽ እኮ።»

«አንቺ ንገሪኝ።»

«ነገ ጠዋት።»

«አሁንም ነገ?»

«በደንቡ ይሁን፣ ልጄ። ለሱም ክብሩ ነው።»

ተናድዳ ወደ ክፍሏ ገባች፤ በሩን ግን አልዘጋችውም።

ጃጃ ዘንድ ሄጄ ነገሩን ከመጀመሪያው አስረዳኋቸው። ወንድሜ እንደሞተ ስነግራቸው «ኪታሎ፣ ኪታሎ ኒዮ» እያሉ እጄን ያዙ፤ በነሱ ቋንቋ የሐዘን ቃል ነው። ቀጥለው ተቆጡኝ። «ሁለት ወር በግቢዬ ውስጥ ለቅሶ ይዘሽ ተቀመጥሽ? እኔ ሰው አይደለሁም?» 

በማግሥቱ ሳይረፍድ መጡ። ጎመሲያቸውን፣ ያንን ለክብር ቀን የሚለብሱትን ሰፊ ቀሚስ፣ ለብሰው መቀነታቸውን አጥብቀዋል። ማስካቸው እኔ የሰፋሁት ነው። ምንጣፉ ላይ እግራቸውን አጥፈው ተቀመጡ። እኔ ጥቁሬን ለበስኩ። ልጄን ልቀሰቅሳት ስገባ ነጠላዋን ለብሳ አልጋዋ ጠርዝ ላይ ተቀምጣ ትጠብቀኛለች።

መርዶ ተናግሬ አላውቅም። እኛ ዘንድ የሚናገሩት ሽማግሌዎች ናቸው፤ ከሩቅ ጀምረው፣ ስለ ጤና ጠይቀው፣ የእግዚአብሔርን ፈቃድ አንሥተው ነው የሚደርሱበት። እኔ ያን ሁሉ ቃል አጣሁት። ፊት ለፊቷ ተንበረከክሁና «ጋሼ ሞቷል» አልኳት።

ሁለት ወር ለሚጠጋ ጊዜ ያወቀችው ነገር ነው። ያን ጊዜ የሰማችው ይመስል ጮኸች። ጃጃ ከወዲያ ተነሥተው ከኔ ጋር ያዟት፤ እሳቸውም በቋንቋቸው በሉጋንዳ ያለቅሱ ጀመር፤ ያለቀሱት ላላዩት ሰው ነው። እኔም ቧንቧ ሳልከፍት አለቀስኩ።

ፀሐይ ከፍ ሲል ልጄ ፊቷን በነጠላዋ ጠርጋ መጠየቅ ጀመረች። ታመመ ወይ? ማን ነበረ አጠገቡ? ስሜን አንሥቷል ወይ? የት ተቀበረ? እኔ ቃሌ ጥቂት ነው፤ ሰውም በዚያ ነው የሚያውቀኝ። ያን ዕለት ግን እህቴ የነገረችኝን አንድም ሳላስቀር ነገርኳት። ወደ መጨረሻው ትንፋሽ ሲያጥረው እንኳ ልጅቷ ትምህርቷን እንዳታቋርጥ ማለቱን ነገርኳት። ቀባሪው በበሽታው ምክንያት ጥቂት እንደነበረ፣ እህቴ ብቻዋን አፈር ላይ እንደተቀመጠች ነገርኳት። ያም ሲያልቅ ወደ ኋላ ተመለስኩ፤ እሷን ለሱ ሰጥቼ የወጣሁበትን ጠዋት፣ እስካሁን ለማንም ያልተናገርኩትን ጀመርኩላት። በሩ ላይ ታቅፏት ቆሞ እንደነበረ፣ እኔ ዞሬ ላለማየት ግድግዳ ግድግዳውን ይዤ እንደሄድኩ፣ ከዚያም ድምፄን ከፍ አድርጌ እንዳለቀስኩ፣ ሸሚዜ በወተት ርሶ እንደነበረ።

ጃጃ ከአማርኛው አንድ ቃል አይሰሙም፤ ግን ቤታቸው አልሄዱም። ቃል ሲያልቅብኝ ልጄ ጉልበቴ ላይ ጋደም እንዳለች «ሌላስ?» አለችኝ።

ሌላም ነበረ። ነገርኳት።