የቢሆን ኖሮ መለኪያ

ክልሉም አዲስ፣ እኔም አዲስ ነበርኩ። አሶሳ ዋና ከተማ ተብላ ቢሮዎቿ ገና ወንበር አላሟሉም ነበር። ኮሌጅ ጨርሰን የምደባ ዕጣ ስናወጣ የእኔ ብጣሽ ወረቀት «አሶሳ» አለች። ያን ቀን አለቀስኩ፤ አልደብቅም። ሁለት ዓመት አስተምሬ ዝውውር የመጠየቅ መብት ሳገኝ ግን ቅጹን ሞልቼ ቦርሳዬ ውስጥ ይዤው እዞር ጀመር። ማስገባት አቃተኝ። ምክንያቱ የፊዚክስ መምህሩ ነው። ቅሪ እንዲለኝ እየጠበቅሁ ነበር፤ እሱ ደግሞ መለኪያ ይሠራ ነበር።

መለኪያው የሞተ ሬዲዮ ነው። ሆዱ ተዘርግፎ፣ ከቤተ ሙከራ የተጣለ ባለመርፌ ሰሌዳ ተገጥሞለት፣ ሦስት መዞሪያ፣ አራት ባትሪ ድንጋይና ሁለት የመዳብ ሽቦ አለው። ሽቦዎቹን በሁለት እጅህ ትይዛለህ። እሱ በአንደኛው መዞሪያ ዓመቱን ይሞላል፤ በሁለተኛው ያኔ የተቆረጠልህን ነገር፣ ዕጣም ይሁን ፈተና ወይም ጋብቻ። ሦስተኛው ምን እንደሚሠራ ብጠይቀው «ለማስተካከያ» አለኝ፤ እኔ ለጌጥ ይመስለኛል። መርፌው ወደ ቀኝ በሄደ መጠን ያልኖርከው ኑሮ ለጥቂት አምልጦሃል ማለት ነው። ከዚያ በግራፍ ወረቀት ላይ የኖርከውን በወፍራም እርሳስ፣ ያልኖርካቸውን በቀጭኑ ዙሪያውን ይሥልልሃል። «የቢሆን ኖሮ ካርታ» ይለዋል፣ ሳይስቅ።

የመምህራን ማረፊያ ክፍል ሥራ ፈታ። ርዕሰ መምህሩ ለጥቂት ሐኪም ሳይሆኑ ቀሩ። የታሪክ መምህሩ ለጥቂት አዲስ አበባ ነበር፤ ጸሐፊዋም፣ የስፖርት መምህሩም። በካርታዎቹ መሠረት በሌላው ዓለም አሶሳ ውስጥ አንድ መምህር አይገኝም፤ ተማሪዎቹ ምንኛ ደስ ብሏቸው ይሆን። በዚህ በመጋቢት ሙቀት መርፌውን የሚነዳው የእጃችሁ ላብ ነው ብዬ ብናገር ማን ይስማኝ። ካርታቸውን ግድግዳ ላይ የሰቀሉም ነበሩ።

ወሬው እኔና እሱ ክፍል የተከራየንበት ግቢ ደረሰ። የግቢው ባለቤት የበርታ ብሔረሰብ ተወላጅ የሆኑ፣ ሲያሾፉ ፊታቸው የማይፈታ እናት ናቸው። አንድ ከሰዓት በኋላ ማንጎው ጥላ ሥር መጥተው ተቀመጡና ሽቦዎቹን ያዙ።

«አንተ መምህር፣ እኔ ሐጂን ባላገባ፣ ያ የኩርሙክ ነጋዴ ቢያገባኝ፣ እይልኝ።»

መርፌው ንቅንቅ አላለም። የማሽላ ወፍጮ ያደረቀው እጅ ከየት ያምጣ ላብ። እሱ ጉሮሮውን ጠራርጎ፣ «እማማ፣ ያኛው ኑሮ በጣም ሩቅ ነበር» አላቸው።

«ወላሂ ይሄን ማሽን ሐጂ ነው የላከው» አሉና ወደ እኔ ዞሩ። «አንተስ ለምን አልተለካህም?» ወንዱንም ሴቱንም አንተ ነው የሚሉን።

«መጀመሪያ ሠሪው ይለካ» አልኩ። ሰው ሁሉ ተለክቶ እሱ አንድ ቀን ሽቦውን ነክቶ አያውቅም። ሊያመካኝ ሲል እማማ እጁን ይዘው አስጨበጡት። ዕጣ ያወጣንበትን ዓመት ሞላሁ። መርፌው ተፈናጥሮ ሄደና ቀኝ ጫፍ ላይ ቀረ።

ሳቅሁበት። «ለጥቂት ነው ያመለጥከው ማለት ነው። የት ነበር?»

አልሳቀም። የእሱ ዕጣ አዋሳ ነበር ለካ። አሶሳ የወጣለት የክፍሉ ልጅ ሚስቱ ነፍሰ ጡር ስለነበረች፣ ዕጣው የወጣበት አዳራሽ በር ላይ ወረቀት ተለዋወጡ። ሁለት ዓመት ሙሉ አብረን ስንበላ ይህን ለማንም አልተናገረም።

«ባልለውጥ ኖሮ አንቺን አላውቅሽም ነበር» አለ መርፌውን እያየ። «ምን ያህል ለጥቂት እንደነበር ማወቅ ፈልጌ ነው የሠራሁት።»

«ሰማህ?» አሉኝ እማማ።

ሰማሁ እንጂ። ፊቴ በደስታ ነደደ። የቀረችው አንዲት ቃል ናት፤ እሷን ጠበቅሁ። እሱ ሽቦዎቹን ፈትቶ መጠቅለል ጀመረ። ጠቀለለ፣ ጠቀለለ፣ መጠቅለል አያልቅበትም። ቅጹ ቦርሳዬ ውስጥ እንዳለ ያውቃል፤ የማስገቢያው ቀነ ገደብ አርብ እንደሆነም ያውቃል። እማማ በትዕግሥት ተቀምጠው ሁለታችንን በየተራ ካዩን በኋላ ራሳቸውን ነቅንቀው ሄዱ። ዝም አይነቅዝም ይላሉ፤ እኔ ሲነቅዝ አይቼዋለሁ። በማግስቱ ንዴቴ ከእኔ ቀድሞ ትምህርት ቢሮ ደረሰ፤ ቅጹን አስገባሁ።

ዝውውሩ ክረምት ላይ ወጣልኝ። እስከ መናኸሪያ ድረስ ሻንጣዬን እሱ ተሸከመልኝ። የነቀምቱ አውቶቡስ ጣሪያ ላይ ወጥቶ ራሱ አሰረው፤ ቋጠሮውንም ሦስት ጊዜ አጠበቀው። እኔም ላሾፍበት ብዬ በመስኮት፣ «እኔ ብቀር የሚለውንስ ለካኸው?» አልኩት።

«እሱን አልለካሁም።»

«ምነው?»

«ፈራሁ» አለ።

ሾፌሩ ሞተሩን አስነሳ። እሱ መስኮቱን ይዞ ጥቂት አብሮ ተራመደ፤ ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ፤ «በሰላም ግቢ» አለኝ። ውረጂ ቢለኝ እወርድ ነበር። ሻንጣው ብቻውን ነቀምት ይግባ፣ እኔ እወርድ ነበር።