መርዶዬን ከቴሌቪዥን ሰማሁ

ዛሬ ከሰዓት በኋላ ሽንኩርት እየከተፍኩ የባሌን መሞት ከቴሌቪዥን ሰማሁ።

አንድ የጦር ታሪክ አጥኚ ተራ ወታደሮችን እየጋበዘ የሚያናግርበት ፕሮግራም ነው። የዛሬው እንግዳ ሽማግሌ፣ አብሮት የዘመተ ጓደኛውን ፎቶ አወጣ። ባሌ ነው። ስሙ ከነአባቱ ከሥር ተጽፏል።

ፊደል በስተርጅና የተማርኩት እሱ ሲመጣ ላሳየው ነበር።

«በእጄ ቀበርኩት» አለ ሽማግሌው። «ሚስቴ ካዛንቺስ ናት ይል ነበር።»

«ቤተሰቡ ሰምቷል?» አለው አጥኚው።

ሽማግሌው አንገቱን ደፋ። ወዲያው የሳሙና ማስታወቂያ ገባ።

አጥኚውን አልረግመውም፤ መንግሥት ያልነገረኝን ነግሮኛል። ግን ከካሜራው በፊት አንድ ሰው ካዛንቺስ ልኮ ቢያጠያይቅ ምን ነበረበት?

መርዶ በንጋት ነው የሚነገረው፤ ጎረቤት ተሰብስቦ፣ ስትወድቂ የሚይዝሽ ሰው ከጎንሽ ቆሞ። እኔ ራሴ በስንቱ ደጅ እንዲያ ቆሜያለሁ።

እየጮህኩ ወጣሁ። ጎረቤቶቼ ቤታቸው ፈርሶ ተበትነዋል፤ ከደጄ ወዲያ የቆርቆሮ አጥር ብቻ ነው። የግንባታው ጥበቃ ሮጦ መጣ።

«እማማ፣ ምን ሆኑ?»

«ባሌ ሞተ።»

«ውይ! መቼ?»

«በደርግ ጊዜ።»

ግራ ገብቶት አየኝና ወንበሩን አመጣልኝ። እሱም ቢሆን ስልኩ ሲጠራ ሄደ።

እስከ ዛሬ ጥቁር ሳልለብስ ጠብቄው ነበር።

የድሮ ጎረቤቶቼ፣ ይህን ካነበባችሁ የት እንዳላችሁ ጻፉልኝ። መርዶ እንዲህ የደረሳችሁም ካላችሁ ንገሩኝ፤ ለብቻ እንዴት እንደሚለቀስ አላውቅም።